ባቡሩ ሄደ፣ ምግብ ቤቱ ቀረ፦ «ለ ትሬን ብሉ»፣ ፓሪስ

ዋጋውን ቀድሜ ልንገራችሁ፤ ኋላ እንዳትወቅሱኝ። ፓሪስ፣ ጋር ደ ሊዮን ባቡር ጣቢያ ውስጥ ያለው «ለ ትሬን ብሉ» ውድ ቤት ነው። አንድ ዋና ምግብ ብዙውን ጊዜ ከ30 ዩሮ በላይ ነው። መክፈቻ፣ ጣፋጭና አንድ ሁለት ብርጭቆ ወይን ሲጨመርበት፣ ሂሳቡ የመጣ ጊዜ ትንሽ ዝም ትላላችሁ። ቡና ብቻ ጠጥቶ መውጣትም ይቻላል፤ እሱን በኋላ እመጣበታለሁ። እኔ ላወጣሁት ገንዘብ አልቆጨኝም። ለምን እንዳልቆጨኝ ለማስረዳት ግን ከምግቡ በፊት ስለ ባሕር ማውራት አለብኝ።

መጀመሪያ ማን እንደሆንን ልናገር። እኔ እዚሁ ፓሪስ አንድ ሆቴል ቁርስ ክፍል ነው የምሠራው። ስለዚህ ምግብ ቤት ስገባ ዓይኔ ቶሎ የሚሄደው የጠረጴዛው ልብስ እንዴት እንደተተኮሰና አስተናጋጁ ሳህን እንዴት እንደሚይዝ ላይ ነው። አብሮኝ የገባው አባዬ ነው። ዕድሜውን ድሬዳዋ በባቡር ወርክሾፕ ሠርቶ ጡረታ የወጣ ሰው ነው፤ ሊጠይቀኝ መጥቶ ነበር። (የድሬ ልጅ ስለሆንኩ አባቴን አንቱ አልልም፤ ቅር እንዳይላችሁ።) እሱ ደግሞ የትም ቢገባ መጀመሪያ የሚያየው ብሎንና ማጠፊያ ነው።

ቤቱ ያለው ጣቢያው ውስጥ፣ ፎቅ ላይ ነው። ባቡሮቹ ከሚቆሙበት አዳራሽ ተነስቶ ግራና ቀኝ የሚጠመዘዝ ደረጃ አለ። ከታች ሰው ሁሉ ሻንጣ እየጎተተ፣ በአንድ እጁ ሳንድዊች ይዞ፣ አንገቱን ወደ ሰሌዳው ሰቅሎ ይሯሯጣል። ደረጃውን ወጥታችሁ በሩን ስታልፉ ግን የት እንደገባችሁ ግራ ይገባችኋል። አባዬ በሩ ላይ ቆመና ኮፍያውን አወለቀ። ቤተ ክርስቲያን መስሎት ነው ብዬ ልስቅ ስል፣ «እንዲህ ያለ ቤት ውስጥ ኮፍያ አይደረግም» አለኝ። ልክ ነው።

ጣሪያው በሙሉ ሥዕል ነው። ግድግዳውም ሥዕል ነው። ሥዕል የሌለበት ቦታ ወርቅ ቅብ ነው፤ ወርቅ ቅብ የሌለበት ደግሞ የአበባ ጉንጉን፣ ራቁት ሕፃን፣ ደረቷን የገለጠች ሴት ተቀርጾበታል። ለዓይን ማረፊያ የሚሆን ባዶ ግድግዳ ፈልጌ አጣሁ። ቤቴ እንዲህ ቢሆን በሦስተኛው ቀን እብድ ነበር። ለአንድ ራት ግን ይሁን፣ ከዚህም በላይ ይጨመርበት ያሰኛል።

ሥዕሎቹ 41 ናቸው። የሣሏቸው ሠዓሊዎችም ወደ 30 ይጠጋሉ። እኔ መጀመሪያ ዝም ብሎ ጌጥ መስሎኝ ነበር የማያቸው። ቀስ እያሉ ሲያዩት ነገሩ ሌላ ነው። ይህ ሁሉ ማስታወቂያ ነው! ጣቢያውን የሠራው የፓሪስ–ሊዮን–ሜዲትራኒያን የባቡር ኩባንያ ነው፤ ፈረንሳዮች በአጭሩ ፔ ኤል ኤም ይሉታል። በ1900 (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ ነው የምጽፈው) ፓሪስ ዓለም አቀፍ ኤግዚቢሽን ስታዘጋጅ ኩባንያው ጣቢያውን እንደ አዲስ አሠራ። አርክቴክቱ ማሪዩስ ቱዱዋር ይባላል። ምግብ ቤቱን በ1901 መርቀው የከፈቱት ፕሬዚዳንቱ ኤሚል ሉቤ ራሳቸው ናቸው። ሠዓሊዎቹም የታዘዙት የኩባንያው ባቡር የሚደርስባቸውን ቦታዎች እንዲሥሉ ነው። ትልቁ አዳራሽ ጣሪያ ላይ ሦስት ግዙፍ ሥዕሎች አሉ፦ ፓሪስ፣ ሊዮን፣ ማርሴይ። ባቡሩ የሚሄድበት መንገድ በቅደም ተከተል ከራሳችሁ በላይ ተዘርግቷል ማለት ነው። ሾርባችሁን እየጠጣችሁ ቀና ባላችሁ ቁጥር «ቲኬቱን መቼ ነው የምትቆርጡት?» ይላችኋል።

ግድግዳው ላይ ካሉት እኔ ብዙ የቆየሁት የኦንሪ ዠርቬ ሥራ ፊት ነው። ኒስ ከተማ ውስጥ ሰው አበባ ሲወራወር ያሳያል። የኒስ ካርኒቫል አንዱ ዝግጅት ነው፤ ከ1876 ጀምሮ የቆየ። ካርኒቫሉ የሚውለው በክረምታቸው መጨረሻ ላይ ነው። እስቲ አስቡት፤ ፓሪስ በጭጋግና በከሰል ጭስ ታፍናለች፣ ለንደን ከዚያ ትብሳለች፣ እዚህ ሥዕል ላይ ግን ሴቶቹ የበጋ ቀሚስ ለብሰው አበባ ይወራወራሉ። ብር ያለው ሰው ይህንን እያየ እንዴት ሳይሄድ ይቀራል?

የሄዱትም እንደዚያ ነው። ዛሬ ሰው ባሕር ዳር የሚሄደው ለበጋው ፀሐይ ነው። ያኔ ግን ደቡብ ፈረንሳይ የሚኬደው ክረምቱን ለመሸሽ ነበር። ባቡር ኒስ የደረሰው በ1864 ነው። በ1868 ሞናኮ፣ በ1869 ማንቶን ገባ። ከዚያ በፊት በሠረገላ ቀናት የሚፈጀው መንገድ በአንድ ሌሊት የሚያልቅ ሆነ። የእንግሊዟ ንግሥት ቪክቶሪያ እንኳን በ1890ዎቹ መጨረሻ በየዓመቱ እየመጡ ኒስ ላይ ከርመዋል። ንግሥት የሄደችበት ቦታ መኳንንቱ እንደማይቀሩ የታወቀ ነው። ነጋዴውም ተከተለ። የታመመ ለሳንባው፣ ጤነኛው ለሞንቴ ካርሎ ቁማር።

ወደ ምግቡ ልመለስና ሌላውን በመሃል እጨምርበታለሁ።

የዚህ ቤት መታወቂያው የበግ ጭን ጥብስ ነው። ሙሉውን ጭን፣ ክዳን ባለው ጋሪ ላይ አድርገው እየገፉ ጠረጴዛችሁ ድረስ ያመጡታል። ክዳኑ ሲነሳ እንፋሎቱ ይወጣል፣ ሽታው ጎረቤት ያሉትን ሁሉ አንገት ያስዞራል። አስተናጋጁ ረጅምና ቀጭን ቢላ ያወጣል። እዚህ ላይ እንደ ሥራ ባልደረባ ነው ያየሁት። ሥጋውን አይጫነውም፤ ቢላው በራሱ ክብደት እንዲሄድ ይለቀዋል። እያንዳንዱ ቁራጭ እኩል ነው። ሳህኑ ሞቅ ያለ ነው፤ በናፕኪን ይዞ ነው የሚያስቀምጠው፤ አውራ ጣቱ የሳህኑ ጠርዝ ላይ አልወጣም። እኔ ይህንን ለአዲስ ሠራተኛ ለማስተማር ስንት ጊዜ እንደምጮህ ብታውቁ!

ፈረንሳዮች በግ የሚበሉት ውስጡ ሮዝ ሲሆን ነው። አባዬ የመጀመሪያውን ቁራጭ ሲያይ በአማርኛ «ይሄማ ገና ይተነፍሳል» አለኝ። ከዚያ ወደ አስተናጋጁ ዞሮ በወርክሾፕ ፈረንሳይኛው «ሙሴ፣ ቢየን ኩዊ» አለው፤ በደንብ የበሰለ ማለቱ ነው። ሰውዬው ፊቱን አልቋጠረም፣ አልሳቀም። ጭኑን አዙሮ፣ ከአጥንቱ ጫፍ አካባቢ ጥሩ አድርጎ የበሰለውን፣ ዳሩ ቡናማ የሆነውን ቆረጠለት። ጥሩ አስተናጋጅ ማለት ይሄ ነው። እዚሁ ከተማ ውስጥ ስሙን የማልጠራው አንድ ታዋቂ ካፌ ውስጥ አባዬ በዚያው ፈረንሳይኛው ሻይ ሲያዝ፣ አስተናጋጁ በእንግሊዝኛ መልሶለት ነበር። አባዬ እንግሊዝኛ አይችልም። ያን ቀን የተናደድኩት ንዴት እስካሁን አለቀቀኝም።

አብሮ የሚቀርበው በክሬም የተጋገረ ድንች ነው። አባዬ መጀመሪያ ተጠራጠረው፣ በኋላ የእኔንም ሳህን ማየት ጀመረ። ለጣፋጭ ባባ ኦ ሩም ያዘዝኩት እኔ ነኝ፤ በሩም የሚርስ ለስላሳ ኬክ ነው፣ ክሬም ከጎኑ ይደረግበታል። አልኮል የማትወስዱ ከሆነ ይቅርባችሁ። ሩሙ ለሽታ ያህል የተጨመረ አይደለም፣ በደንብ ይሰማል። ቡና ላይ ግን ፈረንሳይ አገር ከኛ ሰው ጋር ባትወዳደር ይሻላታል፤ ይህን ስለ የትኛውም ቤት እላለሁ።

አንድ ነገር ደግሞ ለጿሚ። ረቡዕና ዓርብ፣ ሁዳዴም ከሆነ፣ እዚህ ቤት ሥጋና ቅቤ የሌለበት ነገር ማግኘት ልፋት ነው። የፈረንሳይ ወጥ ቤት ቅቤን እንደ ውሃ ነው የሚያየው። አትክልቱ ራሱ በቅቤ ነው። እኛ የሄድነው ሐሙስ ነው፤ ሆን ብለን።

አሁን ወደ አባዬ ብሎኖች። ከቆዳ ወንበሮቹ ጀርባ፣ ከራስ በላይ፣ ከነሐስ የተሠራ የሻንጣና የኮፍያ መስቀያ አለ። ልክ ፉርጎ ውስጥ እንዳለው። እኔ ለትዝታ የተቀመጠ መስሎኝ ነበር። አባዬ ግን ተነስቶ እጁን ከስር ሰደደና ደጋፊውን ዳበሰው። ግድግዳው ውስጥ የሚገባበትን ቦታ ተከትሎ ነካካው። «ይሄ ለጌጥ አይደለም፣ ክብደት እንዲሸከም ነው የተሠራው» አለ። ሳያስፈቅድም ቦርሳዬን አንስቶ ሰቀለው። ቦርሳዬ ሰባት ዓመት የለበስኩት ሹራብ፣ ዣንጥላና ለመንገድ የያዝኩት ዳቦ ነበረበት። በወርቅ ቅብ ጣሪያ ስር፣ በነሐስ ላይ፣ የእኔ ዳቦ! ሳቄን መቆጣጠር አቃተኝ።

መስቀያው ልክ ነው፤ ቤቱ የተሠራው ለመንገደኛ ነውና። ዛሬ ደግሞ የሚበላው ግማሹ መንገደኛ አይመስልም። ፎቶ አንሺው ብዙ ነው። የልደት ጠረጴዛ አለ። ሆኖም ባቡር ለሚጠብቅና ለሚቸኩል ሰው የመንገደኛ ሜኑ አላቸው፤ እሱ ከሌላው ቀለል ይላል፣ ለኪስም ለሰዓትም።

«ታዲያ ባቡሩስ የት አለ?» አለኝ አባዬ። ጥያቄው ትክክል ነው። ስሙን ለቤቱ ያወረሰው ባቡር የለም።

ቤቱ መጀመሪያ የጣቢያው ቡፌ ነበር የሚባለው። «ለ ትሬን ብሉ»፣ ማለትም ሰማያዊው ባቡር፣ የተባለው በ1963 ነው። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ችላ ተብሎ፣ ይፍረስ እስከመባል ደርሶ ነበር። በ1972 ታሪካዊ ቅርስ ተብሎ ተመዘገበ፤ ተረፈ። ባቡሩ ራሱ ግን ከዚያ በጣም ይቀድማል። በ1886 ካሌ–ሜዲትራኒያን ኤክስፕረስ ተብሎ ነው የጀመረው። እንግሊዞች በመርከብ ወደ ፈረንሳዩ ወደብ ካሌ ይሻገራሉ፣ ከሰዓት በኋላ ባቡሩ ላይ ይወጣሉ። ባቡሩ ፓሪስ ሰሜን ጣቢያ ይገባል፤ ከዚያ ከተማዋን በዙሪያ ሐዲድ ዞሮ እዚህ ጋር ደ ሊዮን ይመጣና የፓሪሶቹን ጨምሮ ማታ ወደ ደቡብ ይነሳል። ዲዦን፣ ሊዮን በጨለማ ያልፋሉ። ጠዋት ማርሴይ ነው። ከዚያ ባሕሩን በቀኝ እያዩ ሳን ራፋኤል፣ ካን፣ አንቲብ፣ ኒስ፣ ሞናኮ፣ ማንቶን።

ወርቃማው ዘመን የሚባለው የጀመረው በታኅሣሥ 1922 ነው። የመኝታ ፉርጎዎቹ ባለቤት በቤልጂየማዊው ጆርጅ ናግልማከርስ የተመሠረተው የ«ዋጎን ሊ» ኩባንያ ነበር። በዚያ ወር አዳዲስ ፉርጎዎች አመጣ። የቀድሞዎቹ ቲክ ከሚባለው እንጨት የተሠሩ ነበሩ። አዲሶቹ ብረት ናቸው፤ ጥልቅ ሰማያዊ ተቀብተው በወርቃማ መስመር ተከበቡ። ሰው ወዲያው ሰማያዊው ባቡር ይላቸው ጀመር፤ ስሙ በይፋ የጸደቀው ግን በ1949 ነው። ይህን ስነግረው አባዬ የቀለሙ ነገር አልገረመውም። የገረመው ብረቱ ነው። «እንጨት ፉርጎ ከተጋጨ ክብሪት ነው» አለ። «ቅንጦት የምትሉት እሱ ነው። ተኝተህ ሳትሞት መንቃት።» እኔ የሐር መጋረጃውን ላወራለት ተዘጋጅቼ ነበር፤ ተውኩት።

አንድ የመኝታ ፉርጎ ውስጥ አሥር ክፍል ብቻ ነበር። ለእያንዳንዱ ፉርጎ ደግሞ ራሱን የቻለ አንድ አስተናጋጅ፣ ቡናማ ዩኒፎርም የለበሰ። አልጋ ያነጥፋል፣ ጫማ ይወለውላል፣ ሰዓት ጠብቆ ይቀሰቅሳል። የሚረሳው ነገር ይሄ ነው፦ ፉርጎው የሚሞቀው በራሱ በከሰል በሚነድ ቦይለር ነበር፤ ሌሊቱን ሙሉ ከሰል የሚጨምረው ያው ሰውዬ ነው። ነጭ ጓንትና የከሰል አካፋ በአንድ ሰው እጅ። ሆቴል ለምንሠራ ሰዎች ይህ አዲስ ነገር አይደለም። እንግዳው የሚያየው ጓንቱን ነው።

ማን ያልተሳፈረበት አለ? የእንግሊዝ አልጋ ወራሹ፣ በኋላ ኤድዋርድ ስምንተኛ የተባለው። ቻርሊ ቻፕሊን። ኮኮ ሻኔል። ቸርችል። ባቡሩ የፈጣን ጉዞ መለኪያ ሆኖ ስለነበር ሀብታሞች በመኪና ሊቀድሙት ይወራረዱ ነበር። በመጋቢት 1930 ዎልፍ ባርናቶ የሚባል እንግሊዛዊ በቤንትሊ መኪና ከካን ተነስቶ ለንደን ክለቡ ገባ፤ ባቡሩ ካሌ ለመድረስ ገና 4 ደቂቃ ይቀረው ነበር። አባዬ እዚህ ላይ ተቆጣ። «ባቡሩኮ መንገደኛ ያወርዳል፣ ይጭናል! እሱ ምን አለበት፣ ነዳ!» አለ። ለባቡር የሚያዳላ ሰው ነው፤ ምን ይደረግ።

ከአንድ ሰዓት በኋላ፣ ሂሳቡ ሳይመጣ፣ ዋናውን ጥያቄ ጠየቀኝ። «ሦስተኛ ማዕረጉስ?»

ድሬ ላይ ያደገ ሰው ይህን ጥያቄ አይረሳም። ከአዲስ አበባ ጅቡቲ የሚሄደው የኛ ባቡርም ፈረንሳዮች የዘረጉት ነው፣ ማዕረግ ነበረው። ሦስተኛ ማዕረግ ምን እንደሆነ የተሳፈረበት ያውቀዋል። ሰማያዊው ባቡር ግን ሦስተኛ ማዕረግ አልነበረውም። ሁለተኛም አልነበረውም። ሁሉም አንደኛ ነው። ሌላው ሰው ባሕሩን የሚያየው ሥዕል ላይ ነበር፤ እሱም ፎቅ ወጥቶ ራት የመብላት አቅም ካለው። ይህ የተለወጠው በ1936 ነው። በዚያ ዓመት የጠቅላይ ሚኒስትሩ የሊዮን ብሉም መንግሥት ለሠራተኛ ሁሉ የሁለት ሳምንት ዕረፍት ከነደመወዙ ደነገገ። በሕይወቱ ባሕር አይቶ የማያውቅ የፋብሪካ ሠራተኛ ድንኳንና ብስክሌት ይዞ ወደ ባሕር ወረደ። ሰማያዊው ባቡርም ብዙ ሳይቆይ ሁለተኛና ሦስተኛ ማዕረግ ፉርጎ ተቀጠለበት። አንዳንድ ጸሐፊ ይህን እንደ ውድቀት መጀመሪያ ነው የሚያወራው። እኔ እዚያ ላይ አልስማማም። እንዲያውም በእኔ ግምት ባቡሩ ቁምነገር የጀመረው ያኔ ነው።

ደስ ያላለኝ ሥዕልም አለ፤ አልደብቅም። ከትልቁ አዳራሽ ወጣ ብሎ የአልጄሪያና የቱኒዚያ የሚባሉ ሳሎኖች አሉ። ማርሴይ ላይ ሐዲዱ ሲያልቅ መርከቡ ይቀጥላል ለማለት ነው፤ ኩባንያው አልጄሪያም ውስጥ ሐዲድ ነበረው። ሲታይ ያምራል። የሰው አገር ግን ከኒስ አበባ ጋር እኩል የሽርሽር ዕቃ ሆኖ ነው የቀረበው። እዚያ ሳሎን ውስጥ ሰው ሻምፓኝ ሲከፍት እያየሁ ትንሽ ጎረበጠኝ። ሥዕሉ ይነሳ አልልም፤ ዘመኑን ይናገራል። እኔ ግን ትልቁ አዳራሽ ውስጥ፣ ማርሴይ ስር፣ መቀመጥን እመርጣለሁ።

ባቡሩን የገደለው አውሮፕላንና ፍጥነት ነው። በ1981 ቲ ጂ ቪ የሚባለው የፈረንሳይ ፈጣን ባቡር ፓሪስና ሊዮንን አገናኘ። በ2001 ፈጣኑ ሐዲድ ሜዲትራኒያን ሲደርስ ማርሴይ ከፓሪስ ሦስት ሰዓት ሆነ። ሦስት ሰዓት ለሚፈጅ መንገድ አልጋ ማን ያነጥፋል? ኒስ አሁን በቲ ጂ ቪ ወደ ስድስት ሰዓት ገደማ ነው። ምሳችሁን ጉልበታችሁ ላይ ትበላላችሁ፣ ስልክ ትነካካላችሁ፣ ደረሳችሁ። ይመቻል። ለራት ለብሶ ለመሄድ ግን ምክንያት የለውም።

ስለዚህ ቤቱን እንዴት መጠቀም እንዳለባችሁ የእኔ ሐሳብ ይሄ ነው። ገንዘቡ ካልተመቻችሁ ራቱን ተዉት። ከዋና ምግብ ሰዓት ውጭ፣ ከሰዓት በኋላ፣ ባሩ ጋር ሄዳችሁ ቡና ወይም ሻይ እዘዙ። ከሰፈር ካፌ ይወደዳል፤ ነገር ግን ከአንዳንድ ሙዚየም መግቢያ አይበልጥም፤ ሙዚየም ውስጥ ደግሞ ወንበር የለም። ያም ከበዛባችሁ ጣቢያው ምድር ቤት ላይ፣ የድሮው ቲኬት መሸጫ ጋ፣ ረጅም የግድግዳ ሥዕል አለ። ከፓሪስ ተነስቶ እስከ ማንቶን ያሉትን ከተሞች ጎን ለጎን ያሳያል፤ የጀመረው ሠዓሊ ዣን ባቲስት ኦሊቭ ነው። በነፃ ነው። ሰው ሳያየው ሻንጣ እየጎተተ ያልፈዋል።

ገንዘቡ ካላችሁ ግን ራቱን ለብቻው አትብሉት። እኛ ያደረግነውን አድርጉ። የፓሪስ–ኒስ የማታ ባቡር በ2017 ተቋርጦ ነበር፤ በግንቦት 2021 እንደገና ጀምሯል። ወርቅ ቅብ የለውም፣ ቡናማ ዩኒፎርም የለበሰ ሰውዬም የለም። አንደኛ ማዕረግ ክፍሉ አራት አልጋ፣ ሁለተኛው ስድስት አልጋ ነው፤ ክፍሉን ከማታውቁት ሰው ጋር ትጋራላችሁ። የምግብ ፉርጎ አትጠብቁ። ስለዚህ በልቶ መግባት ግድ ነው። ያኔ ነው የ«ለ ትሬን ብሉ» ራት ትርጉም የሚያገኘው፤ ከፊታችሁ ሌሊትና ባሕር ሲኖር ጣሪያው ላይ ያለው ማርሴይ እውነት ይሆናል። አባዬ አልጋው ላይ ከመውጣቱ በፊት የመሰላሉን ማጠፊያ ሁለት ጊዜ ከፍቶ ዘጋውና «ጥሩ ነው» ብሎ ፈረመለት። ጠዋት ሳን ራፋኤልን እንዳለፍን ቀስቅሶኝ ነበር። ሐዲዱ እዚያ ጋ ከባሕሩ አጠገብ ይሄዳል፤ የኤስተሬል ተራራ ድንጋይ ቀይ ነው፣ ሸክላ የመሰለ፣ ውሃው ሰማያዊ። የሥዕሎቹን ቀለም ሠዓሊዎቹ ያጋነኑት መስሎኝ ነበር። አላጋነኑም።

ለምትሄዱ፦ የማታው ባቡር የሚነሳው ከጋር ደ ሊዮን አይደለም፤ ከኦስተርሊትዝ ጣቢያ ነው። ወንዙን በሻርል ደ ጎል ድልድይ ተሻግሮ በእግር አሥር ደቂቃ ቢሆን ነው፣ ሻንጣ ካላበዛችሁ። ራቱን ቀደም አድርጋችሁ አስይዙ፤ ስታስይዙም ባቡር እንዳለባችሁ ንገሯቸው። ሰርቪስ ሂሳቡ ውስጥ ተካቷል፤ ጉርሻ ከሰጣችሁ በፈቃዳችሁ ነው። እኔ ለበጉ ሰውዬ ሰጥቻለሁ። ባቡሩ ላይ ውሃ ይዛችሁ ግቡ። ትልቅ ሰው አብሯችሁ ካለ የታችኛውን አልጋ ቀድማችሁ ያዙ፤ ቲኬት ስትቆርጡ መምረጥ ይቻላል። አባዬ የላይኛውን ካልሰጣችሁኝ ብሎ ነው የወጣው፤ እሱን ግን እንደ ምሳሌ አትውሰዱት።